ምዕራፍ 7፦ ጣዕምን የሚሸከመው ማን ነው?

በአክራ፣ በባማኮና በዳካር የተቆላ ኦቾሎኒ ተፈጭቶ ከቲማቲም፣ ከሽንኩርትና ከሚያቃጥል ቃሪያ ጋር የሚሠራ ወፍራም ሾርባ አለ። ጋናውያን ንካቴ ንክዋን፣ ማሊዎች ቲጋዴጌና፣ ሴኔጋሎች ማፌ ይሉታል። ጋና ውስጥ ፉፉ ከሚባለው ገንፎ ወይም ከተድቦለቦለ ሩዝ ጋር ይቀርባል፤ ሴኔጋል ውስጥ ነጭ ሩዝ ላይ ይፈስሳል። ይህ ምዕራፍ የሚያየው የዚህን ሾርባ አንድ የቅርብ ዘመድ ነው፤ በኦቾሎኒው ላይ የኮኮናት ወተት፣ በርከት ያለ ዝንጅብልና ስኳር ድንች ተጨምሮ መጨረሻ ላይ ሎሚ የሚጨመቅበትን። የምዕራብ አፍሪካን ድስት ከሐሩር ባሕር ዳርቻዎች ጣዕም ጋር የሚያገናኘው ይህ ሾርባ ሲሳካ ልስልስና ሙሉ ጣዕም ያለው ነው፤ ዝንጅብሉም፣ ቃሪያውም፣ ኦቾሎኒውም በየማንኪያው ይደርሳሉ። ሳይሳካ ሲቀር ግን በዚያው ዕቃና በዚያው መጠን ተሠርቶ ውሃው ለብቻው፣ ቅባቱ ለብቻው ይሆናል፤ ጣዕሙ ይደበዝዛል፣ ቃሪያው ደግሞ አንዱ ጉርሻ ላይ ብቻ ይነድዳል።

የምከራከረው ይህን ልዩነት የሚፈጥረው የዕቃው ብዛት ወይም የቅመሙ ውድነት አይደለም ብዬ ነው። ወሳኙ ነገር እያንዳንዱ ጣዕም በምን እንደሚጓዝ አውቆ በተራው ማስገባት ነው። በምዕራፍ 4 ቁሌት ሲሠራ ሽንኩርቱ ውሃውን ሳይጨርስ በርበሬ ከገባ ወጡ ለምን ጥሬ ጥሬ እንደሚል አይተናል። ያኔ ትኩረታችን ሙቀቱ ላይ ስለነበር ዘይቱን ሙቀት እንደሚያቀብል ነገር ብቻ ቆጥረን አልፈነዋል። እዚህ ዘይቱን ራሱን እንመረምራለን፤ የኦቾሎኒና የኮኮናት ሾርባ ሁለት የተለያዩ የቅባት ምንጮች በአንድ ድስት የሚገናኙበት ስለሆነ ለዚህ ከብዙ ምግቦች የተሻለ ማስረጃ ነው።

ሁለት መጓጓዣዎች

በዚህ ዓይነት ሾርባ ውስጥ ሁለት ፈሳሾች አሉ፤ ውሃና ቅባት። ሁለቱ እንደማይዋሐዱ ማንም ያውቃል። ብዙም የማይስተዋለው ጣዕምና ሽታ የሚሰጡን ንጥረ ነገሮችም በዚሁ መስመር መከፈላቸው ነው። ጨው፣ ስኳርና የሎሚ ኮምጣጣ በውሃ ይሟሟሉ። ለሥጋ መረቅና ለበሰለ ቲማቲም አፍ የሚሞላውን ጣዕም የሚሰጠው ግሉታሜትም እንዲሁ ነው፤ ጃፓናዊው ኬሚስት ኪኩናዬ ኢኬዳ እ.ኤ.አ. በ1908 ከባሕር አረም መረቅ ለይቶ ያወጣው እሱን ነው። በአንጻሩ የቃሪያ ማቃጠል፣ የዝንጅብል ትኩሳት፣ የበርበሬና የቲማቲም ቅላት፣ የኮኮናት ሽታ፣ የኮረሪማ መዓዛ በአብዛኛው ቅባት ይመርጣሉ።

ነገሩን በታክሲ ተራ መመሰል ይቻላል። አንዱ ታክሲ መገናኛ፣ ሌላው ሜክሲኮ ይሄዳል እንበል። የሜክሲኮ ተሳፋሪ የመገናኛው ታክሲ ባዶውን ቢቆምም አይገባበትም፤ የራሱ እስኪመጣ ተራው ላይ ይጠብቃል። ቃሪያ በውሃ ብቻ ሲቀቀል የሚሆነው ይኸው ነው። ካፕሳይሲን የተባለው አቃጣይ ንጥረ ነገር ውሃ ውስጥ እምብዛም ስለማይሟሟ ጥቂቱ ብቻ ወጥቶ ብዙው ቃሪያው ላይ ይቀራል፤ ቃሪያዋ የደረሰችው ሰው ያነባል፣ አጠገቡ ያለው ምንም አይሰማውም። ድስቱ ውስጥ ዘይት ካለ ግን ካፕሳይሲኑ ይሳፈራል። ዘይቱ ደቃቅ ጠብታ ሆኖ ሾርባው ውስጥ ሁሉ ከተበተነ ደግሞ በየማንኪያው ተመጣጥኖ ይደርሳል።

ማቃጠል ራሱ ከጣዕም ይልቅ ወደ ሕመም የሚቀርብ ስሜት ነው። በካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ፣ ሳን ፍራንሲስኮ፣ ዴቪድ ጁሊየስና ባልደረቦቹ እ.ኤ.አ. በ1997 ካፕሳይሲን የሚነካውን የነርቭ በር ለይተው አሳዩ፤ ጁሊየስም በ2021 የኖቤል ሽልማትን ከአርደም ፓታፑቲያን ጋር ተጋርቷል። ይህ በር ያለ ቃሪያም በ43 ዲግሪ ሴንቲግሬድ አካባቢ በሙቀት ብቻ ይከፈታል። ትኩስ ሾርባ ለብ ካለው ይልቅ የሚያቃጥለው ሙቀቱና ቃሪያው በአንድ በር ስለሚገቡ ነው። ቀዝቃዛ ውሃ መጠጣት ለቅጽበት ያስታግሳል እንጂ ካፕሳይሲኑን አያጥብም፤ ወተት የሚያሻለው ቅባቱና ፕሮቲኑ ስለሚይዙት ነው። ከዚህ የሚከተለው ለምግብ ሠሪው ጠቃሚ ነው። ያው መጠን ቃሪያ ቀጭን መረቅ ውስጥ ከሚያቃጥለው ይልቅ ቅባት የበዛበት ሾርባ ውስጥ የሚያቃጥለው ያንሳል፤ ቅባቱ ከያዘው ውስጥ የተወሰነውን ምላስ ላይ ሳያራግፍ ይዞት ይወርዳልና።

ኦቾሎኒው ዘይቱን ሲለቅ

ኦቾሎኒ ከክብደቱ ግማሽ ያህሉ ቅባት፣ ሩብ ያህሉ ደግሞ ፕሮቲን ነው። ቅባቱ ፍሬው ውስጥ በዓይን የማይታዩ እንክብሎች ሆኖ ታሽጎ ይቀመጣል። ሲቆላ የእንክብሎቹ ሽፋን ይዳከማል፤ ሲፈጭ ይፈነዳሉ፤ ዘይቱ ይወጣና የቀረውን ደቃቅ ዱቄት አርሶ የምናውቀው የኦቾሎኒ ቅቤ ይሆናል። ባለቅባቱ ኦቾሎኒ ይህን ሁሉ የሚሰጠን ግን ጤነኛ ከሆነ ነው። የሻገተ፣ የጨማደደ ወይም የሚመር ፍሬ መጣል አለበት፤ ሻጋታው የሚያመነጨው አፍላቶክሲን የተባለ መርዝ በመቁላትም በመቀቀልም በአግባቡ አይጠፋም። የባቢሌን ለውዝ ገዝቶ እቤት የሚፈጭ ሰው እየለቀመ መፍጨቱ ለጣዕሙም ለጤናውም ነው።

የኦቾሎኒ ቅቤ ውሃ ሲነካው የሚያሳየው ጠባይ ብዙ ሰው ያስደነግጣል። ጎድጓዳ ሳህን ውስጥ ያለ ልስልስ ቅቤ ላይ ሁለት ማንኪያ ትኩስ መረቅ ጨምራችሁ ብታማስሉት ይቀጥናል ብላችሁ ስትጠብቁ ይጠጥራል፤ ማንኪያው ላይ እየተላከከ የተቦካ ሊጥ ይመስላል። ዘይት ውስጥ ደርቀው የነበሩት የፕሮቲንና የስታርች ቅንጣቶች ያገኟትን ጥቂት ውሃ መጥጠው እርስ በርስ ስለተጣበቁ ነው እንጂ የተበላሸ ነገር የለም። ሦስተኛ፣ አራተኛ፣ አምስተኛ ማንኪያ ስትጨምሩ ድንገት ይላላል፤ ቡናማው ቀለም ይገረጣል፤ ክሬም ይመስላል። እዚህች ቅጽበት ላይ ድስቱ ተገልብጧል ማለት ይቻላል። እስካሁን ዘይቱ ውጭ ሆኖ ደረቁን ነገር ከቦት ነበር፤ አሁን ውሃው ውጭ ሆኖ ዘይቱ በደቃቅ ጠብታ ውስጡ ተበትኗል። ፕሮቲኑ የየጠብታውን ዙሪያ ስለሸፈነው ጠብታዎቹ ሲገናኙ አይቀላቀሉም። ሳይንቲስቶች ይህን ዓይነቱን የውሃና የቅባት አብሮ አደር ኢመልሽን ይሉታል፤ ወተትም ከዚሁ ወገን ነው። ቀለሙ የሚገረጣው ብርሃን በብዙ ሺህ ጠብታዎች ላይ እየተበተነ ስለሚመለስ ነው።

ከዚህ በኋላ ሾርባው ለዘብ ባለ እሳት 30፣ 40 ደቂቃ ሲንተከተክ ሁለተኛ ለውጥ ይመጣል። በድስቱ ጠርዝ በኩል፣ ሾርባው ጸጥ ባለበት ቦታ፣ በመጀመሪያ ከጤፍ ፍሬ የማይበልጡ ብርቱካንማ ነጠብጣቦች ይታያሉ። ቀጥለው ይጠጋጋሉ፤ አንዱ ሌላውን እየዋጠ እንደ ሳንቲም ይሰፋል፤ በመጨረሻ ላይኛው ገጽ ላይ ቀይ ዘይት ይተኛል። ውሃው በእንፋሎት ቀንሷል፤ ፕሮቲኑ በሙቀት ቅርጹን ቀይሮ ጠብታዎቹን መሸፈን ተስኖታል፤ ስለዚህ ዘይቱ ከፊሉ ተገናኝቶ ተንሳፈፈ። ቀይ የሆነው የቲማቲሙንና የቃሪያውን ቀለም ስለተሸከመ ነው፤ ቀለሙን ከተሸከመ ማቃጠሉንም፣ የዝንጅብሉንም ተሸክሟል። ጋና ውስጥ የኦቾሎኒ ሾርባ የምትሠራ እናት በሰለ የምትለው ይህን ዘይት ስታይ ነው። በእኛም ቤት ወጥ ዘይቱ ከላይ ካልታየ ከምድጃ አይወርድም። ሁለቱ ማጀቶች ሳይመካከሩ አንድ ምልክት ላይ የደረሱት ምልክቱ እውነት ስለሚናገር ነው ብዬ አምናለሁ፤ ዘይቱ ሲታይ ትርፉ ውሃ ሄዷል፣ ጥሬው ጣዕም በስሏል፣ ቅባቱም ጭነቱን ይዟል።

እዚህ ላይ የሚነሳ ተቃውሞ አለ። ከላይ የተኛ ዘይት ለዓይን አይማርክም፣ ለጤናም አይበጅም፣ ስለዚህ በጭልፋ ገፍፎ መጣል ይሻላል የሚል። የጤናውን ነገር አላቃልለውም። ነገር ግን ዘይቱ ከተጫነ በኋላ መግፈፍ የ40 ደቂቃውን ሥራ አብሮ መጣል ነው። ቅባት መቀነስ የፈለገ ከመጀመሪያው ይቀንስ። ለስድስት ሰው የሚሆን ሾርባ 150 ግራም የኦቾሎኒ ቅቤና 200 ሚሊ ሊትር የኮኮናት ወተት ይበቃዋል፤ ከኦቾሎኒው 75 ግራም ገደማ፣ ከኮኮናቱ ደግሞ ወደ 40 ግራም የሚጠጋ ቅባት ይገኛል። ለአንድ ሰው 20 ግራም የማይሞላ ነው። በዚህ ላይ ሽንኩርት ማቁላያ ብሎ የዘይት ጠርሙስ መድፋት የዕቃውን ተፈጥሮ አለማወቅ ነው፤ አንድ ሁለት ማንኪያ በቂ ነው።

አዲስ አበባ ወይም ደብረ ብርሃን ለሚያበስል አንባቢ አንድ ነገር ልጨምር። አክራ የባሕር ዳርቻ ላይ ስለሆነች ውሃ በ100 ዲግሪ ይፈላል፤ አዲስ አበባ ላይ በ92 ዲግሪ ገደማ ይፈላል። ስኳር ድንቹም የኦቾሎኒው ፕሮቲንም ለመብሰል ረዘም ያለ ጊዜ ይፈልጋሉ፤ በጋና መመሪያ ላይ 30 ደቂቃ የሚል ካለ እዚህ 45 ይሆናል። ሽንኩርቱና ድልሁ በዘይት የሚቁላሉበትን ደረጃ ግን ከፍታው አይነካውም፤ የዘይቱ ሙቀት ከውሃ መፍያ በላይ ሊሄድ ስለሚችል ማጥቆሩና ማጣፈጡ እንደ አክራው ይሠራል። ምዕራብ አፍሪካውያን የሚያደርጉትን ማድረግ፣ ማለትም የኦቾሎኒውን ቅቤ በጥቂት መረቅና ቲማቲም ብቻ ለይቶ እያማሰሉ ዘይቱ ብቅ እስኪል አብስሎ ከዚያ ወደ ሙሉው ሾርባ መጨመር፣ ለደጋ ሰው በተለይ ይጠቅማል።

ኮኮናቱ ለምን ዘግይቶ ይገባል

የኮኮናት ወተትም ኢመልሽን ነው፤ የተፋቀው የፍሬው ሥጋ ከውሃ ጋር ተጨምቆ ሲወጣ ቅባቱ በራሱ ፕሮቲን ተሸፍኖ ይመጣል። ግን ሽፋኑ ደካማ ነው። ሙቀቱ ወደ 80 ዲግሪ ሲጠጋ ፕሮቲኑ ይረጋና ጠብታዎቹን ይለቃል፤ ከኮምጣጣ ጋር ሲሆን ደግሞ ይብስበታል፤ ሾርባው ውስጥ ነጭ ፍርፋሪ ይታያል። ሽታውም በቀላሉ የሚተን ነው። ስለዚህ ኦቾሎኒው ረጅም እሳት ሲፈልግ ኮኮናቱ አጭርና ለስላሳ እሳት ይፈልጋል። ሁለቱን አንድ ላይ ደፍቶ አንድ ሰዓት የቀቀለ ሰው አንዱን ጥሬ ላለማድረግ ሌላውን ይሰብራል። የዚህ ሾርባ አብዛኛው ውድቀት የሚመጣው ከዚህ ይመስለኛል።

የታይላንድን ወጥ ቤት የሚያውቅ ሰው እዚህ ላይ ይቃወመኛል። እዚያ የኮኮናቱ ክሬም ሆን ተብሎ ዘይቱ እስኪለይ ይፈላል፤ የተወቀጠው ቅመም በዚያ ዘይት ይቁላላል፤ ምግቡም ዝነኛ ነው። ልክ ነው፤ ግን ይህ ክርክሬን ያጠናክረዋል እንጂ አያፈርሰውም። የታይላንዱ ምግብ ሠሪ ኮኮናቱን የሚሰብረው ቅመሙን የሚያሳፍርበት ነጻ ዘይት ስለሚያስፈልገው ነው። በእኛ ድስት ውስጥ ያንን ሥራ ኦቾሎኒው ሠርቶታል። ከኮኮናቱ የምንፈልገው ሌላ ነገር ነው፤ ሳይሰበር ቆይቶ ልስላሴ እንዲሰጥና ሽታውን እንዲያቆይ። አንዱ ቅባት ተለቅቆ ጭነት ይሸከማል፣ ሌላው በጠብታነቱ ጸንቶ ሾርባውን ያለሰልሳል። ይህ የሥራ ክፍፍል ነው ሁለቱን አንድ ድስት ውስጥ ማስገባትን ከመደራረብ የሚለየው።

«ይህ ባህላቸውን ማበላሸት ነው» ለሚሉ

ከሳይንሱ ውጭ የሚነሳው ከባዱ ተቃውሞ ይህ ነው፤ የጥንቱ የምዕራብ አፍሪካ ሾርባ ላይ ኮኮናት መጨመር የሌላውን ሕዝብ ምግብ ማደበላለቅ ነው ይባላል። ስሜቱን አከብራለሁ፤ የሰው ምግብ የሰው ክብር ነውና። ታሪኩ ግን «ጥንት» የሚለውን ቃል በጥንቃቄ እንድንይዘው ያስገድደናል። ኦቾሎኒ የደቡብ አሜሪካ ተክል ነው፤ ዛሬ ደቡባዊ ቦሊቪያና ሰሜናዊ አርጀንቲና በሚባለው አካባቢ ከሁለት የዱር ዝርያዎች መዳቀል የተገኘ። ወደ ምዕራብ አፍሪካ ያመጡት በ16ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ፖርቱጋሎች ናቸው። ቲማቲምና ቃሪያም ከአሜሪካ ናቸው። እነዚህ ሦስቱ ባይሻገሩ ዛሬ የምናውቀው ማፌ ባልኖረ ነበር።

ከዚያ በፊት ባዶ ድስት ነበር ማለት ግን ትልቅ ስሕተት ነው። አካባቢው የራሱ ከመሬት በታች የሚያፈራ ጥራጥሬ ነበረው፤ ባምባራ ኦቾሎኒ ይባላል፤ ዛሬም ይዘራል። ቅባቱ ከኦቾሎኒ እጅግ ያነሰ፣ ስታርቹ የበዛ ስለሆነ ሾርባ ያወፍራል እንጂ ዘይት አይለቅም። ዘይቱን የሚሰጠው የአገሬው ፓልም ነበር፤ ቀይ ዘይቱ እስከ ዛሬ የምዕራብ አፍሪካ ምግብ መለያ ነው። የሚያቃጥለውን የሚሰጠው ሜሌጌታ የተባለ ቅመም ነበር፤ የላይቤሪያን ባሕር ዳርቻ አውሮፓውያን ነጋዴዎች በዚሁ ቅመም ይጠሩት ነበር። ሜሌጌታ የኛው ኮረሪማ የቅርብ ዘመድ ነው፤ ሁለቱም በአንድ የዕፅዋት ወገን ውስጥ ናቸው፤ ሜሌጌታው ያቃጥላል፣ ኮረሪማው ይለሰልሳል። ለመረቁ አፍ የሚሞላ ጣዕም የሚሰጠው ደግሞ ተቀቅሎ በባክቴሪያ እየቦካ ጠንካራ ሽታ እስኪያመጣ የሚቆየው የአንበጣ ባቄላ ዛፍ ፍሬ ነበር፤ ዳዋዳዋ፣ ሱምባላ፣ ኢሩ ይሉታል፤ ዛሬም ገበያ ላይ አለ። እንግዲህ የውሃውን ጣዕምና የቅባቱን ጣዕም የሚያገናኝ የዳበረ ዕውቀት ቀድሞ ነበር። ኦቾሎኒው ሲመጣ እናቶች ያደረጉት አዲሱን ፍሬ በአሮጌው ጥበብ ውስጥ ማስገባት ነው፤ የሚያወፍረውን ነገርና ዘይቱን በአንድ ፍሬ አገኙት። በ19ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ፈረንሳዮች ለዘይትና ለሳሙና ፋብሪካዎቻቸው ሲሉ ሴኔጋልን በኦቾሎኒ እርሻ ሲሞሏት፣ በ1885 ከዳካር እስከ ሴንት ሉዊስ የተዘረጋው ባቡርም ይህንኑ ምርት ሲያመላልስ፣ ኦቾሎኒ በየቤቱ የዕለት ነገር ሆነ። ያ ዘመን ለገበሬው ብዙ መከራም ያመጣ ስለሆነ ሾርባው የዚያም ታሪክ አካል ነው።

ኮኮናትም የመጣው በባሕር ነው። የዘረመል ጥናት እንዳሳየው ሁለት ትልልቅ የኮኮናት ወገኖች አሉ፤ የሰላማዊ ውቅያኖስና የሕንድ ውቅያኖስ። ቫስኮ ዳ ጋማ በ1498 ሕንድ ከደረሰ በኋላ ፖርቱጋሎች የሕንድ ውቅያኖሱን ይዘው አፍሪካን ዞረው ወደ አትላንቲክ ዳርቻ አመጡት። ኦቾሎኒና ኮኮናት እንግዲህ በአንድ ዘመን፣ በአንድ ዓይነት መርከብ፣ ከተቃራኒ አቅጣጫ የመጡ እንግዶች ናቸው።

ሁለቱ አንድ ድስት ውስጥ የተገናኙትም ዛሬ አይደለም። በብራዚል የባይያ ግዛት፣ ሳልቫዶር ውስጥ፣ ቫታፓ የሚባል ወፍራም ምግብ አለ፤ በኦቾሎኒ፣ በኮኮናት ወተት፣ በዝንጅብል፣ በደረቀ ሽሪምፕ፣ በዳቦ ወይም በካሳቫ ዱቄትና በቀይ የፓልም ዘይት ይሠራል። ሳልቫዶር እስከ 1763 የቅኝ ግዛቲቱ ዋና ከተማ ስትሆን ከምዕራብ አፍሪካ ዳርቻ በባርነት የተጋዙ እጅግ ብዙ ሰዎች የተራገፉባት ወደብ ነበረች፤ ከነሱ መካከል ዮሩባዎች በርካታ ነበሩ። እነዚህ ሰዎች ነጻነታቸውንና ንብረታቸውን ቢነጠቁም እጃቸው የሚያውቀውን ይዘው ተሻገሩ። ስለዚህ ኦቾሎኒን ከኮኮናት ያዋሐደው የአፍሪካውያኑ የራሳቸው እጅ ነው፤ ድብልቁን የዘመናችን ምግብ ቤቶች ፈጠራ ማለት ለነሱ የሚገባውን መንሳት ይመስለኛል።

የሽታ ዝምድና

ሌላ ዓይነት ተቃውሞም አለ፤ የሚስማሙ ምግቦች ተመሳሳይ የሽታ ንጥረ ነገር ያላቸው ናቸው፤ ኦቾሎኒና ኮኮናት ደግሞ ከተለያየ ወገን ናቸው የሚል። ተመራማሪዎቹ ዮንግ-ዮል አን፣ አልበርት-ላስሎ ባራባሺና ባልደረቦቻቸው በ2011 ከ56 ሺህ በላይ የምግብ አሠራሮችን በኮምፒውተር መርምረው ነበር። የምዕራባውያን ምግቦች ሽታ የሚጋሩ ዕቃዎችን ማጣመር ይወዳሉ፤ የምሥራቅ እስያዎቹ ደግሞ ይሸሹታል። ስለዚህ ሕጉ የዓለም ሕግ አይደለም፤ ከመረመሯቸው ውስጥ እጅግ የሚበዙትም የሰሜን አሜሪካ ነበሩ። የተቆላ ኦቾሎኒ ሽታ በቆሎ ወይም በቡና አቆላል ላይ ከሚፈጠሩት ንጥረ ነገሮች ወገን ነው፤ የኮኮናት ሽታ ከሌላ ወገን ነው። የሚያገናኛቸው ዝምድና ሳይሆን ሁለቱም ቅባት ውስጥ ተመችቷቸው አብረው ምላስና አፍንጫ ላይ መድረሳቸው ነው።

ከእሳቱ ፊት

ይህ ሁሉ ድስቱ ላይ ሲተረጎም የሚከተለውን ይመስላል። ሁለት ቀይ ሽንኩርት በሁለት ማንኪያ ዘይት እስኪቀላ ይቁላላል፤ የተከተከተ ዝንጅብልና ነጭ ሽንኩርት፣ ቀጥሎ ድልህ ይገባል፤ ድልሁ ጠቆር ብሎ ዘይቱ እስኪቀላ ይታሻል፤ የቅባት ተሳፋሪዎች የሚሳፈሩት እዚህ ነው። ሦስት የተፈጨ ቲማቲም ይጨመርና ውሃው ሲቀንስ በመረቅ የተበጠበጠው የኦቾሎኒ ቅቤ ይገባል። ነጠብጣቦቹ ብቅ ሲሉ አንድ ሊትር ገደማ መረቅና ግማሽ ኪሎ የተቆራረጠ ስኳር ድንች ይከተላሉ። ጨውም አሁን ይገባል፤ በውሃ ስለሚጓዝ ለመሰራጨት ጊዜ አያጥረውም። ቃሪያውን በተመለከተ የምዕራብ አፍሪካውያን ልማድ የሚያስደንቅ ነው፤ እንደ ስኮች ቦኔት ያለውን እጅግ የሚያቃጥል ቃሪያ ሳይቆርጡ ሙሉውን ሾርባው ላይ ያስቀምጡታል። ካፕሳይሲኑ በብዛት ያለው ፍሬዎቹ ተጣብቀው በሚያድጉበት ነጭ ሽፋን ላይ ስለሆነ፣ ቃሪያው እስካልፈነዳ ድረስ ፍራፍሬ የሚሸተው የቆዳው መዓዛ ይወጣል፣ ትኩሳቱ ግን ውስጥ ይቀራል። ጠንከር ያለ የፈለገ በማማሰያው ጫፍ ይጫነዋል፤ ልጆች ያሉበት ቤት ሙሉውን ያወጣዋል። ኦቾሎኒ ከባድ አለርጂ የሚያስነሳባቸው ሰዎች ስላሉም እንግዳን አስቀድሞ መጠየቅ ግዴታ ነው።

ስኳር ድንቹ ሲበስል እሳቱ ይቀነሳል፤ የኮኮናቱ ወተት ይጨመርና አምስት ደቂቃ ሳይፈላ ይቆያል። ሎሚው ድስቱ ከምድጃ ከወረደ በኋላ ነው፤ ኮምጣጣው የጋለውን የኮኮናት ፕሮቲን ሲያገኝ ስለሚያፈርሰው፣ ሽታውም በእንፋሎት ስለሚሄድ። ያለ ሎሚ ሾርባው ይከብዳል። ቅባቱ ምላስን ሲሸፍን ኮምጣጣው በውሃው በኩል መጥቶ ምራቅ ያስነሳል፣ ምላስን ያጸዳል፣ ቀጣዩም ማንኪያ እንደ መጀመሪያው ይቀመሳል።

የተረፈው በማግስቱ ሌላ ሾርባ ይመስላል። የኮኮናት ቅባት በ24 ዲግሪ ገደማ ይረጋል፤ የኦቾሎኒው ዘይት ግን እጅግ እስኪቀዘቅዝ ፈሳሽ ነው። አክራ ወይም ሳልቫዶር ጠረጴዛ ላይ ያደረ ሾርባ ዘይቱ ፈሳሽ ሆኖ ይገኛል፤ ማቀዝቀዣ ውስጥ ወይም በደጋችን ቅዝቃዜ ያደረው ግን ላይኛው ገጹ ደፍርሶ ለስለስ ያለ የቅባት ሽፋን ያወጣል። ያ ሽፋን አይጣልም፤ ቀዩን ተሸካሚ ዘይት ከነጩ የኮኮናት ቅባት ጋር የያዘ ነው። ትንሽ ትኩስ ውሃ ጨምሮ፣ ለስላሳ እሳት ላይ ቀስ እያሉ ማማሰል ጠብታዎቹን መልሶ ይበትናቸዋል። ለማፋጠን ብሎ በኃይል ማፍላት ግን ኮኮናቱን ይሰብረዋል፤ ከዚያ በኋላ ማማሰል ብቻውን አይመልሰውም፣ በብሌንደር መምታት ያስፈልጋል።